የአረፋ ተረኛ

በጥድ አምባ ጤና ጣቢያ ደመወዝ ቢንፏቀቅም በወሩ ይመጣል። የዲዩቲ ብር ግን፣ ከመደበኛው ሰዓት በላይ ለሠሩበት የሚከፈለው ማለት ነው፣ ላም አለኝ በሰማይ ነው። ሲስተር የዓለምዘርፍ የስምንት ወር አልተከፈላትም። ልጇ እፀገነት መካነ ሰላም ተከራይታ ትማራለች። የዓለምዘርፍ አከራዩን "በቅርቡ እከፍላለሁ" ካለችው ሦስት ወር አልፏል፤ ሰውየውም አሁን አሁን ሰላምታዋን የሚቀበለው በአገጩ ነው።

ጤና ጣቢያው ድሮ ሦስት ነርስና አንዲት አዋላጅ ነበሩት። አዋላጇ ተዛወረች። ትህትና የምትባለው ነርስ ደግሞ "እናንተ ጽድቅ ፈልጉ፣ እኔ እንጀራ ልፈልግ" ብላ አዲስ አበባ የግል ክሊኒክ ገባች። የቀሩት የዓለምዘርፍና ኑርጃን ናቸው። አንዷ ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ገብታ በማግስቱ ሁለት ሰዓት ትወጣለች፣ ሌላዋ ትተካታለች። ምድጃ እንኳ በመሃል ያርፋል፤ እነሱን ግን ላሳርፋችሁ ያላቸው የለም።

በዓል ሲመጣ ሁለቱ የራሳቸው ሕግ አላቸው። በፋሲካ ኑርጃን ትቆማለች፣ በአረፋ የዓለምዘርፍ። ማንም አላዘዛቸውም፤ በዚያ አገር ሰው የሚኖረው እንዲህ ነው። መከራው የተረኞች ሰሌዳ ነው። ሰሌዳው ወሩ ሳይገባ ማኅተም ተመትቶበት ወረዳ ይሄዳል። ስርዝ ድልዝ ከተገኘበት ይመለሳል፣ ከተመለሰ ደግሞ ክፍያው ሌላ ወር ያድራል። ስለዚህ በተለዋወጡ ቀን፣ ጤና ጣቢያው በሚቀረው ቅጂ ላይ አንዷ በሌላዋ ስም ትፈርማለች። የዓለምዘርፍ የኑርጃንን ፊርማ ከራሷ ፊርማ አሳምራ ነው የምትፈርመው። የማዋለጃ መዝገብ ላይ ግን በሰው ስም ፈርማ አታውቅም። ሰሌዳው የብር ነው፣ መዝገቡ የነፍስ ነው ትላለች።

ሐምሌ ላይ ከወረዳ አቶ መሐሙድ የሚባል ኦዲተር በሞተር ብስክሌት ጭቃ ለብሶ መጣ። ደግ ሰው ነው፤ የመጣውም ሊያስከፍል እንጂ ሊከለክል አልነበረም። አዲስ መመሪያ ወጥቷልና ሰሌዳውን ከመዝገብ ጋር አመሳክሮ ከፈረመ ብሩ በሳምንቱ ይገባል። ሁለቱን ነርሶች ካርድ ክፍል አስቀምጦ ቅጠል በቅጠል ሄደ፤ ሄደና ግንቦት ላይ ቆመ።

"ሲስተር ኑርጃን፣ የአረፋ ዕለት ተረኛ ነበርሽ?"

ኑርጃን መልሱን ፍለጋ የዓለምዘርፍን አየቻት።

"ሰሌዳው አንቺ ነበርሽ ይላል። መዝገቡ ደግሞ ያን ዕለት ያዋለደችው የዓለምዘርፍ ናት ይላል።" መሐሙድ ሳቁን ሊይዝ ሞከረ። "እኔም የወሎ ልጅ ነኝ፣ ነገሩ ገብቶኛል። ለፋይናንስ ግን ምን ብዬ ልጻፈው?"

መላውንም ራሱ አመጣው። "ሰሌዳው ማኅተም አለበት፣ አይነካም። መዝገቡ ላይ ያለችው ግን አንዲት ስም ናት። የዓለምዘርፍ የሚለውን ሰርዞ ኑርጃን ማለት ነው። ይቺን አስተካክሉልኝና የስምንት ወሩን ዛሬውኑ ልፈርም።"

ኑርጃን እስክሪብቶ አነሳች። "አምጡት፣ እኔው ልጻፈው። ሕፃኑ እንደሁ ሞቶ የመጣ ነው፤ የማንም ስም ቢሆን ምን ይጎዳል?"

ሞቶ የመጣ። የዓለምዘርፍ ለሁሉም የነገረችው እንዲህ ብላ ነበር።

የአረፋ ዋዜማ፣ ማክሰኞ፣ የራሷ ተራ ነበር። ኑርጃን በዓሉን ልትውል ማክሰኞውኑ አቀስታ አባቷ ዘንድ ሄዳለች። ረቡዕ አረፋ ሆነ፤ የዓለምዘርፍ ፊቷን ታጥባ እዚያው ቀጠለች። ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ የሺእመቤት የምትባል ምጥ የያዛት ሴት ከአማቷ ጋር መጣች። የሕፃኑ ልብ ደህና ይመታ ነበር፤ በገዛ ጆሮዋ ሰምታዋለች። በየግማሽ ሰዓቱ ማዳመጥ ነበረባት። ዘጠኝ ተኩል ላይ አዳመጠች፣ አሥር ሰዓት ላይ አዳመጠች። ከዚያ ለአፍታ ብላ ጀርባዋን ግድግዳው ላይ አስደገፈች። የቀሰቀሷት አማቲቱ ናቸው። እሳቸውም "ደከመሽ ልጄ" ብለው አዘኑላት። አሥራ ሁለት ሰዓት ሆኗል። የሕፃኑን ልብ ብትፈልገው፣ ብትፈልገው አጣችው።

እናቲቱ ተርፋለች። ደሟን ያቆመችላት የዓለምዘርፍ ናት፣ ይህም እውነት ነው። የሺእመቤት ቅዳሜ ገበያ ላይ ባየቻት ቁጥር "አተረፍሽኝ እኮ እህቴ" እያለች እጇን ልትስም ታጎነብስ ነበር። የዓለምዘርፍ ገበያ መውጣት የተወችው ስለዚህ ነው። እፍረቱ ያንገበግባታል፤ ለባሏም ለንስሐ አባቷም አልተነፈሰችም።

"እስክሪብቶውን አምጪው" አለች አሁን።

"ምን ሆንሽ? አብሽሪ፣ እኔው ፈቅጄ እኮ ነው።"

"ሞቶ አልመጣም ኑርዬ። እንቅልፍ ጥሎኝ ነው። ሁለት ሰዓት ሙሉ ተኝቻለሁ። እዚህ መስመር ላይ ያንቺ ስም አይጻፍም።"

ኑርጃን እስክሪብቶውን አስቀመጠች። "ያረቢ" አለች ቀስ ብላ። "እኔ አባቴ ቤት አረፋን ስበላ፣ አንቺ ለእኔ ብለሽ..."

"በላሽ፣ ደግ አደረግሽ። እኔም ፋሲካን በልቻለሁ።"

መሐሙድ ተነሥቶ በሩን ዘጋ። "ሲስተር፣ እኔ የሒሳብ ሰው ነኝ፤ አልሰማሁም ልበል። ይህን ከጻፍኩት የሁለታችሁም ክፍያ ይታገዳል። አንቺማ የሙያ ፈቃድሽም አይተርፍልሽ ይሆናል።" ወደ ኑርጃን ዞረ፣ አንቺ እንኳ ምከሪያት በሚል ዓይን።

ኑርጃን በሻሿ ጫፍ ዓይኗን ጠረገች። "የእኔም ይታገድ" አለች።

የዓለምዘርፍ አከራዩ ትዝ አላት፣ እፀገነት ትዝ አለቻት። ፈራች። ነገር ግን ያ ሕፃን በኑርጃን ስም ተመዝግቦ እሷ ነገ ጠዋት በምን ፊቷ ተራ ልትቀበላት ነው?

"ይጻፍ" አለች።

መሐሙድ ከቦርሳው የሪፖርት ቅጽ አወጣ፤ ቀኑን ሞላ፣ ስሟን ሞላ። "ሳታርፊ የሠራሽው ስንት ሰዓት ነው?"

"ከማክሰኞ ጠዋት እስከ ሐሙስ ጠዋት። አርባ ስምንት።"

ቅጹን ገልብጦ ጀርባውን አየ፣ መልሶ ፊቱን አየ። "ይሄ ለአንድ ሰው በተከታታይ ከሃያ አራት በላይ አይቀበልም። ሃያ አራት ልበለው?"

"አይሆንም" አለችው። "በሃያ አራተኛው ሰዓት ልጁ በሕይወት ነበር።"