የመታጠፊያው አሸዋ

ባሌን ሰፈሩ «ወንፊት» ነው የሚለው። እሱ አሸዋ ሻጭ ስለሆነ ይመስለዋል፤ እውነቱን ግን ሁሉም ያውቃል፦ እሱ ዘንድ የገባ ምስጢር አያድርም። ይህን እያወቅሁ ዳኛ ፊት ይዤው መቅረቤ ነው የሚያንገበግበኝ።

ገልባጭ መኪናችን አሸዋ እንደጫነች ድልድዩ ላይ ተይዛ ፖሊስ ጣቢያ ግቢ ቆማለች። ከተራራው ካባ አሸዋ ቆፍረን ለማውጣት ፈቃድ አለን፤ ከወንዝ ማውጣት ግን ክልክል ነው። አሸዋው የካባ ከሆነ መኪናዋ ትለቀቃለች፤ የወንዝ ከሆነ ግን እዚያው ትቀራለች፣ ከመወረስም አትድንም። ከእሷ ሌላ መተዳደሪያ የለንም። አሸዋው ደግሞ የወንዝ ነው፤ ያውም የመታጠፊያው።

መታጠፊያው ማለት ወንዙ ትልቁን ድንጋይ ዞሮ ምርጡን አሸዋ የሚያራግፍበት ቦታ ነው። ባሌ ሰው በተሰበሰበበት ሁሉ «እግሬ እስኪቀጥን ፈልጌ ያገኘሁት» እያለ ይኮራበታል። ያሳየሁት ግን እኔ ነኝ። ልጅ ሳለሁ ልብስ የማጥበው እዚያ ነበር፤ ሳንጋባ በፊት እጁን ይዤ ወሰድኩት። ከተጋባን ጀምሮ አንድ ቀን «እሷ ናት ያሳየችኝ» ብሎ አያውቅም። እኔም ሰው ፊት ላላሳፍረው ብዬ ዝም እላለሁ፤ ቤት ስገባ ንዴቴን በሳህኖቹ እወጣዋለሁ።

ጠበቃችን የእህቴ ልጅ ነው፤ መኪናዋ እንድትለቀቅ አቤቱታ ያስገባልንም እሱ ነው። ዐቃቤ ሕጉ «የወንዝ ነው» ብሎ ስለተከራከረ ዳኛዋ አሸዋውን በዓይናቸው ሊያዩ ወደ ጣቢያው በሚመጡበት ዕለት፣ በሩ ላይ አቁሞ መከረን።

«ጋሼ፣ ካልተጠየቅህ አትናገር። ከተጠየቅህም ‹የካባ ነው› በልና ዝም።»

«እኔ ደግሞ ምን እናገራለሁ?» አለ ባሌ፣ የተበደለ መስሎ።

«አክስቴ፣ አንቺ ያዥልኝ።»

«ግድ የለህም» አልኩት። «ከተነፈሰ እግሩን እረግጠዋለሁ።»

መኪናዋ አቧራ ጠጥታለች፤ አንዱ ጎማዋ ተንፍሷል። የጣቢያው ዘበኛ ዶሮ አሸዋችን ላይ ጉድጓድ ምሳ ተቀምጣለች። የእህቴ ልጅ አንድ እፍኝ ዘግኖ ለዳኛዋ አሳየ። «ክብርት ዳኛ፣ ይህ አፈር የበዛበት የካባ አሸዋ ነው» አለ። ዳኛዋ በአዎንታ ራሳቸውን ነቀነቁ። እዚህ ላይ ቢያበቃ ኖሮ ማታ መኪናችን በራችን ላይ ትቆም ነበር።

ልጁ ግን ልቡ አበጠ። «እንዲያውም ዝቃጭ ነው» ሲል ቀጠለ። «በዚህ የተለሰነ ግድግዳ ያቺ ዶሮ ብትደገፈው ይናዳል።»

የባሌ የአንገት ሥር ተገተረ። እግሩን ረገጥኩት። አልበቃ ሲል በሙሉ ክብደቴ ቆምኩበት።

«ዝቃጭ?» አለ። «የኔ አሸዋ? ክብርት ዳኛ፣ እስቲ በእጅዎ ይሹት። ያቆሽሻል? ወንዙ ራሱ አጥቦ አጥቦ የሰጠኝ ነው። ከመታጠፊያው፣ እግሬ እስኪቀጥን ፈልጌ ያገኘሁት።»

የእህቴ ልጅ መነጽሩን አውልቆ ይጠርግ ጀመር።

ዳኛዋ ግን አዘኑልን መሰለኝ፣ መዝገቡን ገለጥ አድርገው «መኪናዋ በማን ስም ናት?» አሉ። በእኔ ስም ናት። የእህቴ ልጅ ነፍስ ዘራ። ባለንብረቷ አሸዋው ከየት እንደሚመጣ ካላወቀች ጥፋቱ የባል ብቻ ነው፣ መኪናዋ ለእሷ ትለቀቃለች፤ እንዲህ ሲል በጆሮዬ አንሾካሾከ።

«እርስዎ ከየት እንደሚጭን ያውቁ ነበር?» አሉኝ ዳኛዋ።

«አላውቅም» ማለት ብቻ ነበር የቀረኝ። አፌን ስከፍት ባሌ ቀደመኝ።

«እሷ ምን ታውቃለች፣ ክብርት ዳኛ? ወንዙ በየት በኩል እንደሚፈስ እንኳ ለይታ አታውቅም። መታጠፊያውን ያገኘሁት እኔ ብቻዬን ነኝ።»

ሊያድነኝ ነበር፤ ጥፋቱን ሁሉ በራሱ ላይ እየጫነ ነበር። ይሄ የገባኝ በኋላ ነው። በዚያች ሰዓት የስንት ዓመት ዝምታ ጉሮሮዬ ላይ መጣ።

«እኔ ነኝ የማላውቀው?» አልኩት። «እጅህን ይዞ የወሰደህ ማን ሆነና ነው? ክብርት ዳኛ፣ መታጠፊያውን ያሳየሁት እኔ ነኝ።»

የእህቴ ልጅ መነጽሩን መልሶ አላደረገም። ባልና ሚስት ከአንድ ባሕር ይቀዳል ይባላል፤ ዳኛዋም ይህንኑ በሕግ ቋንቋ አስጻፉት፦ አቤቱታው ውድቅ ሆኗል፣ መኪናዋ ባለችበት ትቆይ።

በእግራችን ተመለስን። እኔ መንገዱን ሙሉ አለቀስኩ። ባሌ መሐረቡን ሰጠኝ፤ አሸዋ ነበረበትና ዓይኔን ይበልጥ አቀላው። እሱ አንድ ቃል አልተነፈሰም፣ እንዲህ ሆኖ አይቼው አላውቅም። ሰፈር ስንደርስ ፀጉር አስተካካዩ ከበሩ ብቅ አለ።

«ወንፊት፣ መኪናዋን ለቀቋት?»

«አልለቀቋትም» አለ ባሌ። ወደ እኔ ጠቆመና «መታጠፊያውን ያሳየችኝ እሷ ናት፣ ታውቃለህ?» አለው።

ከዚያ ለባለሱቋ ነገራት። ለልብስ ሰፊውም ነገረው። ዝም በል አላልኩትም።