ቀድሞ የጨረሰ

«የባንክን ብድር ቀድሞ የጨረሰ ሰው ይቀጣል» ይላሉ ጋሽ ወንዳፈረው። አንድ ጊዜ ብለው ቢተዉት ባልከፋ። ጡረታ ከወጡ ወዲህ ግን ሥራቸው ይኸው ነው። በጠዋት መጥተው ከዓለሚቱ ሱቅ ደጃፍ ካለችው የፕላስቲክ ወንበር ላይ ይሰየሙና ወሬያቸውን ትናንት ካቆሙበት ይቀጥላሉ። መጀመሪያ ሰሞን የተቀጣው ሰው የዱራሜ ነጋዴ ነበር። ዓመት ሳይሞላው በወሬያቸው የአንጋጫ ሰው ሆነ። ሙዱላ ሲደርስ መምህር ሆኖ ቆየ፤ ቅጣቱም ከሃያ ሺህ ተነስቶ መቶ ሺህ ሞላ።

«ለመሆኑ ስሙ ማነው?» ትላቸዋለች ዓለሚቱ ቅቤ እየመዘነች።

«የሰውዬው ስም ምን ያደርግልሻል? እሱስ አንዴ ተቀጥቷል። አንቺ ተጠንቀቂ እንጂ!»

ሠላሳ ዓመት መዝገብ ቤት የሠሩ ሰው ናቸው። ማኅተም ካለበት ክፍል ያን ያህል የተቀመጠ ሰው ሲያወራ፣ ወሬውም ማኅተም ያረፈበት ይመስላል።

ዓለሚቱ ግን በማኅተም የምትደነግጥ ሴት ሆና አይደለም ያመነቻቸው። ትምህርቷን ከስምንተኛ ክፍል አቋርጣ፣ ሆሳዕና ገበያ ውስጥ በቅቤና በቡላ ንግድ ራሷን ያስተማረች፣ ሚዛን አጭበርባሪን በዓይኗ የምትለይ ሴት ናት። ያመነችው የራሷን ሕግ ስለመሰላት ነው። የሰፈሩ የቅቤ እቁብ ዳኛ እሷ ናት። ሴቶቹ በየሳምንቱ እኩል እኩል ቅቤ ያመጡና ተራ ለደረሳት ይሰጣሉ። አንድ ጊዜ ሀሚዳ የመጀመሪያውን ዕጣ ወሰደችና፣ ልጇ ዘንድ ልትሄድ ስትነሳ የቀረባትን ቅቤ ሁሉ ባንድ ቀን ጭና መጣች።

«ዕዳዬን እንኩ፣ ሰላም ሁኑ» አለች ሀሚዳ።

«እንኩ ብሎ ነገር! ይሄን ሁሉ ቅቤ የት እናድርገው? በፀሐይ ቀልጦ መንገዱን ሲቀባ እንየው? በየሳምንቱ ማምጣት ነበረብሽ» አለችና ዓለሚቱ ሁለት ኪሎ ቀጣቻት። ጋሽ ወንዳፈረው የባንኩን ወሬ ባመጡ ጊዜ ታዲያ «እኔ ሀሚዳን ከቀጣሁ ባንክ እኔን ለመቅጣት ምን ያንሰዋል?» ብላ ተቀበለችው። ሄዳ ብትጠይቅ ምን ነበረበት? ነገር ግን ዳኛ ሆኖ የሌላ ዳኛ ደጅ ላይ «ይሄ ነገር እንዴት ነው?» ማለት ለዓለሚቱ ሞት ነው።

ቤቱ የተገዛው በ2008 ነው። ታናሽ ወንድሟ አዶናይ ደቡብ አፍሪካ ሱቅ ከፍቶ ነበርና ቅድሚያ ክፍያውን እሱ ላከ። የቀረውን ስድስት መቶ ሺህ ብር ቤቱን ራሱን አስይዘው ለሃያ ዓመት ተበደሩ። እናታቸው ካረፈች ወዲህ ሁለቱም የራሳቸው ደጅ አልነበራቸውም።

«መመለሻ ይኑረኝ እታለም» አላት በስልክ። «ሰው አገር የምኖረው፣ አንድ ቀን ‹ቤቴ ገባሁ› የምልበት ቦታ ካለኝ ነው። የመጀመሪያውን ዐሥር ዓመት አንቺ ክፈዪ፣ የመጨረሻውን ዐሥር ዓመት እኔ እከፍላለሁ። እኩል በእኩል።»

ከዚህ የተሻለ ፍትሕ ከየት ይመጣል? ለመስቀል በሬ ዓመቱን ሙሉ በየወሩ የሚያዋጣ ሰው፣ መንፈቅ ሲሞላ ግማሽ ድርሻው በእጁ ነው። ባንኩም ለዓለሚቱ ትልቅ እቁብ ነበር፤ የመጀመሪያውን ዕጣ ወስደው የቀረውን ተራ የሚከፍሉበት። ወለድ የሚባል ነገር መኖሩንማ ታውቃለች። በየወሩ ክፍያ ላይ እንደ ጨው ቆንጠር ተደርጎ ጣል የሚደረግ ይመስላት ነበር እንጂ።

በየወሩ ሰባት ሺህ ዘጠኝ መቶ ብር። ቅቤ ረከሰ፣ ቡላ ጠፋ፣ ኮሮና መጣ፣ አንድም ወር አልዘለለችም። የፊቱን ክፍል ሱቅ አደረገችው፤ የጓሮውን፣ ለፀሐይ የሚከፈተውን፣ አልጋ ዘርግታ ለአዶናይ ቆለፈችለት።

በሦስተኛው ዓመት ደወለ።

«እታለም፣ ሦስት መቶ ሺህ ብር ይዣለሁ። ድርሻዬን ካሁኑ ባንክ ላስገባውና ይቅለልሽ።»

«እንዳታደርገው! ቀድሞ የጨረሰ ይቀጣል።»

«ማነው ያለው?»

«ሁሉም ይላል።»

«ሁሉም ማለት ጋሽ ወንዳፈረው ናቸው?»

«አንተ ልጅ፣ ደርባን ቁጭ ብለህ የሆሳዕናን ባንክ ልታስተምረኝ ነው? ተራህ ሲደርስ ትከፍላለህ። ገንዘብህን ሥራበት!»

ሠራበት። ሱቁን በዕቃ ሞላው። ከሁለት ዓመት በኋላ በዚያ አገር ግርግር ተነሳና ሱቁ በአንድ ቀን እስከ መደርደሪያው ተዘረፈ። እሱ በጓሮ አጥር ዘሎ ነፍሱን አተረፈ። ዓለሚቱ ስልኩን ይዛ አለቀሰችና «ዋናው ሕይወትህ ነው» አለችው። ሦስት መቶ ሺው ቅጣት ሳይነካው እንዳለቀ ትዝ ያላት ከብዙ ጊዜ በኋላ ነው፤ ያኔም ወሬውን አልተጠራጠረችም።

አዶናይ ዘንድሮ፣ በ2018 መስቀል ዋዜማ ሰሞን፣ እንደገና ሦስት መቶ ሺህ ብር አጠራቅሞ መጣ። ጺሙ ሸብቷል። የጓሮውን ክፍል ከፍታ ስታሳየው በሩ ላይ ቆሞ ሳቀ። «ግማሹን አንቺ ጨርሰሻል። ግማሹን እኔ ልዘርግፈው። ቅጣትም ካለ እንቀጣ፣ ምን ይመጣል!» አለ። በማግሥቱ ተያይዘው ባንክ ሄዱ።

የብድር ክፍሏ ሠራተኛ ሊያ ትባላለች። ኮምፒውተሯን ነካ ነካ አደረገችና «የቀረው አራት መቶ ዘጠና ሺህ ብር ነው» አለች።

«የማን?» አለ አዶናይ።

«የእናንተ።»

«የኛ ስድስት መቶ ነበር እኮ። ዐሥር ዓመት ተከፍሎበታል። እህቴ፣ ከሌላ ሰው ጋር እንዳይምታታብሽ።»

«አልተምታታም። አንድም ወር አልተዘለለም። እስካሁን ዘጠኝ መቶ ሃምሳ ሺህ ገደማ ከፍላችኋል።»

ዓለሚቱ ጆሮዋን ተጠራጠረች። ስድስት መቶ ተበድራ፣ ዘጠኝ መቶ ሃምሳ ከፍላ፣ አምስት መቶ ሊሞላ ዐሥር የቀረው ይቀራታል። ከየትኛው ጫፍ ብትይዘው አልጨበጥ አላት። ቅቤ ሲነጠር እንደሚጎድል ታውቃለች፤ ሲጎድል ግን አረፋውን ታየዋለች፣ ዝቃጩን ከድስቱ ሥር ታገኘዋለች። ይሄኛው አረፋው የታል?

«ወለዱ የሚታሰበው ባልተከፈለው ዕዳ ላይ ነው» አለች ሊያ። «መጀመሪያ ላይ ዕዳው ብዙ ስለሆነ ወለዱም ብዙ ነው። የመጀመሪያውን ወር ብናይ፣ ከሰባት ሺህ ዘጠኝ መቶው ውስጥ ሰባት ሺህ አምስት መቶው ወለድ ነበር። ከዋናው ዕዳ የተቀነሰው አራት መቶ ብር ነው።»

«አራት መቶ ብር!» አለች ዓለሚቱ። «አራት መቶ ብር እኮ የበሩን ማጠፊያ አይገዛም!»

«ወደ መጨረሻው ግን ዋናው ቶሎ ቶሎ ይቀንሳል።»

«ወደ መጨረሻው፣ ማለት በእኔ ዐሥር ዓመት?» አለ አዶናይ። ወደ እህቱ ዞረ። «እንግዲያው ቤቱን የምገዛው እኔ ነኛ! አንቺ ከዕዳው ያነሳሽው መቶ ዐሥር ሺህ ነው፣ እኔን የሚጠብቀኝ አራት መቶ ዘጠና ሺህ። ይሄ ነው እኩል በእኩል?»

«ዘጠኝ መቶ ሃምሳ ሺህ ከፈልኩ እኮ ነው የምትልህ! አንተ ዛሬ አራት መቶ ዘጠና ብታመጣ የእኔን ግማሽ ነው። የተበደልኩት እኔ ነኝ!»

«ለባንኩ ከፈልሽ እንጂ ከቤቱ የገዛሽው ሽንት ቤቱን ነው።»

ወረፋ የያዘው ሰው ሳቀ። ዓለሚቱ በሰው ፊት ተስቆባት አያውቅም።

«ሽንት ቤቱ ካለኝማ ካንተ እሻላለሁ» አለች። «አንተ እስካሁን የመጸዳጃ ቦታ እንኳ የለህም!»

አዶናይ ተነስቶ ወጣ። እሷም ነጠላዋን እያስተካከለች ተከተለችው። ሊያ «ቆይ፣ ገንዘብ ካላችሁ እኮ...» ስትል ከበሩ ውጪ ነበሩ።

ከመካከላቸው ሌባ ቢኖር ኖሮ ይቀል ነበር። ሌባ ይምላል፣ ይክሳል፣ ይታረቃል። ያለሌባ የተዘረፉ ሁለት ሰዎች ግን በማን ላይ ይጮኻሉ? እርስ በርሳቸው ጮኹ። እሱ በየወሩ አልከፍልም አለ። «ለአራት መቶ ዘጠና ሺህ በዐሥር ዓመት ሌላ ዘጠኝ መቶ ሃምሳ ሺህ? አንድ ቤት ገዝተን የሦስት ቤት ልንከፍል?» እሷ ደግሞ ቅቤ ስትመዝን ሚዛኑ ይጠፋባት ጀመር፤ ደንበኛ «ግማሽ ኪሎ» ሲላት «ግማሽ ማለት ስንት ነው?» ብላ ጠየቀች።

ጉዳዩ ወደ አጎታቸው ወደ ተገኘ ሄደ። ተገኘ በየመስቀሉ የዘመዱን በሬ የሚከፋፍል ሰው ነው፤ እጁ ላይ የጎደለ መደብ ታይቶ አያውቅም። ደግሞም ተኳርፎ የመስቀል ሥጋ የሚቆርስ የለም፤ ከበሬው በፊት ነገሩ ማለቅ ነበረበት። ሁለቱንም አስቀመጠ፤ የቢሮ ነገር ያውቃሉ ተብለው ጋሽ ወንዳፈረውም ተጠሩ።

ተገኘ ሰማ። ደግመው እንዲነግሩት ጠየቀ። ለሦስተኛ ጊዜ ሲሰማ አገጩን ያዘ።

«እኔ የማውቀው፣ እኩሌታ የከፈለ እኩሌታ በሬ አለው» አለ። «ይሄ ባንክ የሚያርደው ምን ዓይነት በሬ ነው? መጀመሪያ የከፈለው ሽታውን፣ መጨረሻ የከፈለው ሥጋውን!»

«አጎቴ» አለች ዓለሚቱ፣ ድምፅዋ ለመጀመሪያ ጊዜ ለስልሶ፣ «ቤቱን አልፈልግም ቢል እንኳ ክፍሉን ቆልፌ አቆይለታለሁ። አሁን በያዘው ሦስት መቶ ሺህ ዕዳውን ብናሳንሰውና የቀረውን እኔ...»

«እንዳትሞክሩት!» አሉ ጋሽ ወንዳፈረው። «ያ የሙዱላ መምህር እንዲሁ ላሳንስ ብሎ ነው መቶ ሃምሳ ሺህ የቀጡት።»

«ባለፈው መቶ ነበር» አለች።

«ጨመረ።»

አዶናይ እጁን አወራጨ። «ሦስት መቶ አስገብቼ ግማሹን በቅጣት ልነጠቅ? አንዴ ተዘርፌአለሁ፣ ይበቃኛል። ይሸጥ።»

ተገኘ ሁለቱንም አየና እንደ በሬው ቆረጠው። ቤቱ ይሸጥ። የባንኩ ዕዳ ይነሳ፤ ለቅጣቱ መቶ ሃምሳ ሺህ ብር በዓለሚቱ እጅ ይቀመጥ፤ የተረፈው እኩል በእኩል። «ወንድምና እህት በሚዛን አይካፈሉም» አለ። ዓለሚቱ የከፈለችውን ሁሉ አስባ መከራከር ትችል ነበር። ግን ሒሳቡን ራሷ ያልገባትን ክርክር እንዴት ትገጥመዋለች? በሆሳዕና ገበያ «ዓለሚቱ ሒሳብ ጠፍቷት ተከራከረች» ከመባል ቤቱ ቢቀር ይሻላታል። «እኩል ይሁን» አለች።

ገዢ አልጠፋም። የአይሱዙ ባለቤት የሆነው ረሻድ ሰፈሩን ይወደው ነበር። እህትና ወንድም መስቀሉን አብረው በሉ። አዶናይ ክትፎው ላይ ቅቤ ሲጨምር «የእታለም ቅቤ ወለድ የለውም» ብሎ ቀለደ፣ ተሳቀም። ድርሻውን ተቀብሎ ሊሄድ መናኸሪያ ስትሸኘው ግን ቦርሳውን እንደያዘ ቆመ።

«ከእንግዲህ ስመጣ የት ነው የማርፈው?»

«የተከራየሁት አለ አይደል» አለች።

«እሱማ አንድ ክፍል ነው።»

«ታዲያ አንተስ ስንት ነህ?»

ሁለቱም ሳይስቁ አውቶቡሱ ተነሳ። የደርባን ስልኩ ከዚያ ወዲህ የሚጠራው ለበዓል ለበዓል ነው፤ ስለ መምጣት አያነሳም።

ጥቅምት ላይ ከረሻድ ጋር ባንክ ሄደች። ረሻድ ከቤቱ ዋጋ ላይ ያስቀረውን የባንኩን ዕዳ አስገባና ለጸሎት ወጣ። ሊያ ሁለት ቦታ አስፈረመቻት። «ጨርሰናል። እንኳን ደስ ያለሽ እንዳልል፣ ሸጣችሁት» አለች።

ዓለሚቱ በጨርቅ የተጠቀለለውን መቶ ሃምሳ ሺህ ብር መስኮቱ ላይ አስቀመጠች።

«ይሄ ደግሞ የምንድን ነው?»

«የቅጣቱ።»

«የምን ቅጣት?»

«ቀድሞ ለጨረሰ።»

ሊያ አየቻት። ቀልድ መሆኑን ፊቷ ላይ ፈለገች፣ አጣች። «እኛ ጋ እንደዚህ ያለ ቅጣት ኖሮ አያውቅም። እንዲያውም ያን ቀን ገንዘብ ካላችሁ አስገቡት ልላችሁ ስል ወጣችሁ።»

ከኋላዋ ወረፋ የያዘ ሰው ጉሮሮውን ጠረገ። ዓለሚቱ የጨርቁን ቋጠሮ ፈታ መልሳ ቋጠረችው።

«አንድ ነገር ልጠይቅሽ» አለች፤ በሕይወቷ ባንክ ውስጥ የጠየቀችው የመጀመሪያ ጥያቄ ነበር። «በሦስተኛው ዓመት ሦስት መቶ ሺህ ብር ገብቶበት ቢሆን፣ እኔም እንደወትሮዬ ብከፍል...»

ሊያ ኮምፒውተሯን ነካ ነካ አደረገች።

«በሰባተኛው ዓመት ያልቅ ነበር» አለች።