ጭልፋ ያልነካው ትሪ

ለአንድ ሰው የሚሠራ ሆትዲሽ የለም። ይህን በከተማችን ሳምንታዊ ጋዜጣ ላይ ጽፌዋለሁ፤ ዛሬም አንዲት ቃል አልለውጥበትም። የተፈጨው ሥጋ በሽንኩርት ይጠበሳል፣ ፎሶሊያው ይገባል፣ የቆርቆሮው የእንጉዳይ ሾርባ ይፈስበታል፣ ከላይ አውራ ጣት የሚያካክሉት የድንች ጥብሶች እንደ ሰልፈኛ ይደረደራሉ፤ ከዚያ ኦቨን ይገባል፤ ሲወጣ አሥር ሰው ከብቦ ይበላዋል። አሥር ሰው ካልመጣ የሠራኸው ሌላ ነገር ነው። ስም ፈልግለት።

ይህን የጻፍኩት ብሪያ ኪትልሰን ድሮ ምስማርና መዶሻ ይሸጥበት በነበረው ቤት ውስጥ ምግብ ቤት ስለከፈተች ነው። ብሪያ ተማሪዬ ነበረች። ሚኒያፖሊስ በትልልቅ ምግብ ቤቶች ሠርታ ስትመለስ የእናቶቻችንን ምግብ ይዛ መጣች፤ ነገር ግን እንደነበረ አልተወችውም። ሆትዲሹን በተፈጨ ሥጋ ፋንታ በቢራ በተቀቀለ የጎድን ሥጋ ትሠራዋለች። ማካሮኒና ፎርማጆው ውስጥ ኪምቺ የሚሉትን፣ በበርበሬ የኮመጠጠ የኮሪያ ጎመን ትጨምራለች። እሱንስ ልለፈው። ያላለፍኩት ምጣዷን ነው። ሁሉም ነገር የሚቀርበው መዳፍ በምታክል የብረት ምጣድ ነው፤ ለአንድ ሰው። መስኮቱ ላይ ደግሞ «እንደ ቤትዎ» የሚል ተጽፏል። የማን ቤት? ብቻውን የሚበላ ብቻውን ይሞታል ሲባል ሰምተን አደግን፤ እሷ ለብቻው በላተኛ ልኩን ምጣድ አሠርታ አመጣችለት።

ጽሑፉ ከወጣ በኋላ ሄጄ ልቀምሰው ወሰንኩ። መጀመሪያ መቅመስ ነበረብህ የሚል ካለ፣ ሽታው በቂ ነበር።

ብሪያ በሩ ላይ ተቀበለችኝ። «ለስንት ሰው?» አለች።

«ዓይንሽ አያይም እንዴ?»

«ያያል ቲቸር። ግን እርስዎ ለአንድ ሰው አይሠራም ብለዋል። ዘጠኙ መኪና እያቆሙ ይሆናል ብዬ ነው።»

ጥጉ ጋ ቢራ የያዙ ሁለት ገበሬዎች በሳቅ ፈነዱ። አንዱን ክርክር ያስተማርኩት እኔ ነኝ፤ አንድም ቀን አሸንፎ አያውቅም።

«ምላስሽ ድሮም አያርፍም» አልኳት።

«ማን ሳለውና! ያኔ አርፈሽ ተቀመጪ ቢሉኝ ኖሮ ዛሬ ከዚህ ይድኑ ነበር።»

ምጣዷን አምጥታ ፊቴ አስቀመጠች፤ አልሄደችም። ወንበር ስባ ተቀመጠች። ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «ቲቸር፣ እዚህ እራት የሚበሉትን ያውቋቸዋል?» አለች። «ሚስቱ የሞተችበት አለ። ልጆቿ ዴንቨር የገቡባት አለች። ለእነሱ የአሥር ሰው ትሪ ላቅርብላቸው? የቀረውን እያዩ እንዲያለቅሱ?»

መልስ ነበረኝ። አፌ ሙሉ ስለነበር አልሰጠኋትም። ሥጋው ማንኪያ ሲነካው ይለያያል፤ ከሥሩ የቢራው ምሬት ቀስ ብሎ ይመጣል። ይህንንም አልነገርኳትም።

የሚስቴ ስም አርዲስ ነበር። የሞተችው ባለፈው ዓመት ቅጠሉ ሲረግፍ ነው። በየመከሩ፣ እሑድ ከአምልኮ በኋላ፣ ቤተ ክርስቲያናችን ምድር ቤት ውስጥ ሁሉም ከቤቱ ትሪ ይዞ የሚመጣበት ምሳ አለ። አርዲስ ወደዚያ ምሳ የምትወስደው የመስታወት ትሪ ነበራት። የከተማው ሴቶች ስማቸውን ፕላስተር ላይ ጽፈው ከትሪው ሥር ይለጥፋሉ፤ ትሪ ከትሪ እንዳይቀያየር። አርዲስ ግን የምትለጥፈው ከፊት፣ ጎኑ ላይ ነበር። «ስሜን ለማንበብ ብላችሁ ምግቤን አትገልብጡት» ትላቸው ነበር። በየዓመቱ አሮጌውን ልጣ አዲስ ትለጥፍ ነበር። የመጨረሻው እስካሁን አለ። ትሪውን ሳጥብ ስፖንጁን በፕላስተሩ ዙሪያ አዞረዋለሁ እንጂ አልነካውም።

በዚያ ምሳ ላይ አርዲስ አንድ ሕግ ነበራት። ሳህኗን ይዛ መጀመሪያ ረጅሙን ጠረጴዛ ከዳር እስከ ዳር ትሄድና ጭልፋ ያልነካውን ትሪ ትፈልጋለች። ሁልጊዜም አንድ አይጠፋም። ከእሱ ትጀምራለች፤ በደንብ ትጨልፋለች፤ ጮክ ብላ ታመሰግናለች። አንድ ጊዜ አረንጓዴ ጄሊ ውስጥ የተቀበረ የተፈቀፈቀ ካሮት ሳህኗ ላይ ስትከምር አየኋት።

«ይሄ ይበላል?» አልኳት።

«ካሮቱ ቢተዉት አይሰማውም» አለች። «ሴትየዋ ግን ቆማ እያየች ነው።»

በዚህ መከር ላቮን ሩድ ደወለችልኝ። የቤተ ክርስቲያኑን ወጥ ቤት የምታዝዘው ላቮን ናት፤ ቄሱም ሳይቀር እሷን አስፈቅዶ ነው ቡና የሚቀዳው።

«ኦሪን፣ አንተ ዳቦ ታመጣለህ።»

«ትሪ ነው የማመጣው።»

«ብቻቸውን ያሉ ወንዶች ዳቦ ነው የሚያመጡት። ሁሌም እንደዚህ ነው። ዳቦ በማምጣቱ እስካሁን ማንም አልሞተም።»

«ማንም አልሞተም?»

«ውይ ኦሪን... አንተ ደግሞ ቃል ትይዛለህ!»

«ትሪ ነው የማመጣው ላቮን።»

«ታቃጥለዋለህ።»

«የተቃጠለ ትሪ አመጣለኋ!»

ሰዎች ይህን እንደ ቀላል ነገር ያዩታል። ቀላል አይደለም። ሚስትህን በቀበርክ ዓመት ከትሪ ወደ ዳቦ ያወርዱሃል፤ ያውም ከሱቅ በፌስታል የሚመጣ ዳቦ፤ የማን እንደሆነ የማይጠየቅ፣ ቢተርፍም ማንም የማያፍርበት። ዳቦ ይዞ የመጣ ሰው ባይመጣም ምሳው አይጎድልም። እኔ ደግሞ እንዲጎድል ፈለግኩ። እዚያ ጠረጴዛ ላይ ቦታችን የት እንደሆነ አውቃለሁ፤ ከግድግዳው በኩል፣ ከላዛኛው ትሪ ቀጥሎ። ያንን ቦታ ለሌላ ሰው ትሪ ለቅቄ ጥግ ላይ ዳቦ አልደረድርም። ትሪው ተበልቶ ባዶውን ይዤ እስክመለስ ድረስ እዚያ ቤት ሰው ነኝ አልልም ብዬ ማልኩ።

አርዲስ ሥራውን በእጇ እንጂ በወረቀት አላስቀመጠችውም። የመጀመሪያው ሙከራዬ መሐሉ በረዶ ሆኖ ወጣ። ሁለተኛው ከሰለ። ሁለቱንም በላኋቸው። የአሥር ሰው ምግብ ለብቻ መብላት ምን እንደሚመስል የማያውቅ ሰው ስለ ብቸኝነት አይንገረኝ፤ ሰኞ ትበላዋለህ፣ ማክሰኞ ታሞቀዋለህ፣ ሐሙስ ሲደርስ ማቀዝቀዣውን ከፍተህ ትቆምና ያ ትሪ መልሶ ያይሃል። ብሪያ ያለችው ትዝ አለኝና ተናደድኩባት፤ እውነት ስለነበረ ነው የተናደድኩት።

ለምሳው የሠራሁት ግን ተሳካ። ድንቹ ወርቅ መሰለ፤ በየጥጉ መረቁ ቡልቅ ቡልቅ ይላል። አንድ ነገር ጨምሬበታለሁ። ሥጋው ሲጠበስ የብሪያ ምጣድ ትዝ ብሎኝ ግማሽ ጠርሙስ ቢራ ደፋሁበት። ለማንም አልተናገርኩም።

ምድር ቤቱ እንደ ወትሮው ነው፤ ታጣፊ ወንበሮች፣ የእርጥብ ካፖርት ሽታ፣ የሚጮሁ ልጆች። ትሪዬን ከላዛኛው አጠገብ አስቀመጥኩ፤ የአርዲስ ስም እንደ ልማዱ ወደ ፊት ዞሯል። ፎይሉን ገለጥኩ፤ ጭልፋ አኖርኩ። ከዚያ ሁሉን ማየት ከምችልበት ቦታ ተቀመጥኩ።

ሰልፉ ተጀመረ። የመጀመሪያዋ ሴት ትሪዬ ጋ ስትደርስ ጭልፋውን ልታነሳ እጇን ዘረጋች፤ ቆመች፤ እጇ ወደ ላዛኛው ዞረ። ከኋላዋ ያለው ሰውዬ አየ፤ አለፈ። ቀጣዮቹም አለፉ። ልጅ ያዘለ አባት ልጁ በጣቱ ሲያሳየው፣ «ይሄንን አይደለም» ብሎ ወሰደው። ድንቹ ሳይነካ፣ ሰልፉ እንዳለ በፊቱ ሄደ።

ደሜ ፈላ። የእነዚህን ሰዎች ልጆች ሀሳባቸውን ቆመው እንዲናገሩ ያስተማርኩ እኔ ነኝ። በጋዜጣ ላይ ስለ አንዲት ምጣድ እውነቱን ስለተናገርኩ በምሳ ይቀጡኛል? ፈሪዎች! በሆዴ የሚቀጥለውን ጽሑፍ መጻፍ ጀመርኩ፤ ርዕሱም መጥቶልኝ ነበር። በሁለቱም በኩል ያሉት ወንበሮች ባዶ ነበሩ። አርዲስ ብትኖር ክርኔን ጨብጣ «ብላ» ትለኝ ነበር።

ያኔ ነው ሌላውን ትሪ ያየሁት።

ከጠረጴዛው ጫፍ፣ ከሰላጣው አጠገብ፣ ትልቅ ትሪ ሙሉ ማካሮኒ አለ፤ ቀላ ያለ፣ በፎርማጆው መሐል የኪምቺ ጎመን ብቅ ብቅ ያለበት። ጭልፋው ንጹሕ ነው። ብሪያ እጆቿን አጣጥፋ ግድግዳው ላይ ተደግፋ ቆማለች፤ ወዲያ የምታይ እየመሰለች ትሪዋን ታያለች። የብረት ምጣዶቿን ትታ የአሥር ሰው ትሪ ይዛ መጥታለች፤ ቁንዶ በርበሬ እንኳ ለሚፈሩ ሰዎች።

እሰይ፣ የእጇን አገኘች ብዬ አሰብኩ። አልዋሽም። ከዚያ ካሮቱ ትዝ አለኝ።

ተነሣሁ። ሳህኔን ይዤ ምድር ቤቱን አቋርጬ ሄድኩ፤ ቤቱ ትንሽ ጸጥ ሲል ተሰማኝ። ጭልፋውን እስከ ሥሩ ሰደድኩት፤ ቆሜ በላሁ።

ብሪያ መጥታ አጠገቤ ቆመች። «እሺ?»

«ያቃጥላል።»

«ጥሩ ነው ወይስ መጥፎ?»

«ያቃጥላል አልኩሽ» አልኩና ደግሜ ጨለፍኩ። አፍንጫዬ ይፈስ ነበር። «እግዚአብሔር ይስጥልኝ!» አልኩ፤ ጮክ ብዬ፣ አርዲስ እንደምትለው።

ሳቋን ያዘች። «የእርስዎንስ ማን ሊጀምረው ነው?»

«ማንም። በጽሑፌ ቂም ይዘውብኛል።»

«ቲቸር፣ ጽሑፍዎን ያነበብኩት እኔ ብቻ ነኝ።» ወደ ትሪዬ አየች፤ ድምፅዋ ተለወጠ። «ስሟን አይተው ነው እኮ። የሞተ ሰው ትሪ ሳይፈቀድ አይጨለፍም። አርዲስን ምን ብለው ይጠይቋት? ላቮን ገና እንዳየችው ወጥ ቤት ገብታ ስታለቅስ ነበር።»

ዞር ብዬ አየሁት። ነጭ ፕላስተር፣ ጥቁር ጽሕፈት፤ እሷ ራሷ «ብሉ» ብላ ያስቀመጠችው ይመስላል። ወይም «አትንኩ» ያለችው። ወደ ጠረጴዛው ሄጄ ጥፍሬን ከፕላስተሩ ጥግ ሥር አስገባሁ። ትንሽ ተነሣ። መልሼ ተጫንኩት።

«ይተዉት» አለች ብሪያ ከኋላዬ። «እርስዎን ልጠይቅ። ልጨልፍ?»

«ጨልፊ።»

ጥጉን ሰበረችው፤ ድንቹ ሲንኮሻኮሽ ተሰማ። አንድ ጎረሰች፤ ቅንድቧ ወጣ።

«ቢራ አለው!»

«የለውም።»

«ቲቸር! የእኔን ቢራ ሰርቀው ቤተ ክርስቲያን ይዘው ገቡ!»

«ዝም ብለሽ ብዪ።»

ላቮን ዓይኗ እንደቀላ ከወጥ ቤት ወጣች። ሳህን ዘረጋችና፣ «ካላቃጠልከው ትንሽ ስጠኝ» አለች። ከእሷ በኋላ ሰልፉ ተመልሶ መጣ። ቢራውን ማንም አላነሣም፤ ሁለተኛ የመጡ ግን ነበሩ። ያ አባትም ልጁን ይዞ ተመለሰ። የትሪው ታች ታየ።

የማልኩበት ነገር ሆነልኝ። ተመልሼ ወንበሬ ላይ ተቀመጥኩ። በየጠረጴዛው ሰው ስለ በቆሎ ዋጋ፣ ስለ ጉልበት ቀዶ ሕክምና ያወራል። በመንገዱ የሚያልፍ ሁሉ ትከሻዬን መታ መታ አድርጎ ወደ ቤተሰቡ ይሄዳል። በግራና በቀኜ ያሉት ወንበሮች እንደነበሩ ነበሩ። ምግቡ ምን ጎደለው ብዬ የምጠይቃትን ሰው በዓይኔ ስፈልግ ራሴን ያዝኩት።

ሰው ሲበታተን ላቮን በፎጣ እያደረቀች ትሪውን አመጣችልኝ።

«አጥቤልሃለሁ። በጣም በሞቀ ውሃ ነው፤ ጥጉ ላይ ተጣብቆ ነበር።» ገልብጣ አሳየችኝ። ከሥሩ አዲስ ፕላስተር፣ በእሷ ጽሕፈት፦ ኦሪን ስሌተን። «የሚመጣው ዓመት ትሪ ነው የምታመጣው። ዳቦውን ለሌላ ሰው ሰጥቼዋለሁ።»

የአርዲስ ስም የነበረበትን ጎን አየሁ። መስታወቱ ንጹሕ ነበር፤ ያበራል። ላቮን ዓይኔን ተከትላ አየች፤ እጇ ከነፎጣው አፏ ላይ ሄደ።

ትሪውን ከእጇ ተቀበልኩ።

«አመሰግናለሁ ላቮን» አልኳት።

ትሪውን መኪናው ውስጥ አርዲስ ትቀመጥበት በነበረው ወንበር ላይ አድርጌ ነዳሁ። ቤት ገብቼ መደርደሪያውን ከፈትኩ። እንደ ልማዱ ላስቀምጠው አልኩና እጄ ላይ አንድ ጊዜ አዞርኩት፤ ደግሜ አዞርኩት። ፊቱ በየት በኩል እንደሆነ አላወቅኩም። ድሮ የሚነግረኝ ስሟ ነበር።