ሩህ የሌለው ስዕል

የልጅቱ እጅ ስዕል፣ የአባትየው ሙያ ቁርአን ማስቀራት፤ እንግዲህ ምን ይደረግ? ሸህ ኸባብ መካነ ሰላም ላይ የተከበሩ ሰው ናቸው። ልጃቸውን ሩፋይዳን አንድ ቀን በክፉ ተናግረዋት አያውቁም፤ ሰው ወይም ከብት የሳለችበትን ወረቀት ግን ባገኙት ቁጥር ምድጃ ውስጥ ይከቱታል። «ነገ በቂያማ ቀን ሩህ ዝሪበት፣ ነፍስ ስጪው ትባያለሽ» ይሏታል።

አድጋ የስዕል መምህር ከሆነች በኋላ ነው በስልኳ ያንን ነገር ያየችው። ከመቶ ዓመት በፊት ፈረንጆች ሰው የሌለበት፣ ወሬ የሌለበት፣ ክብና መስመር ብቻ በቀለም የሚሄዱበት ፊልም ይሠሩ ኖሯል። ደስታዋ ለጉድ ነው! ሮጣ ነገረቻቸው። ሸሁ አሰቡ አሰቡና፣ «ይህስ ምን ሩህ አለው? ሥሪና አሳይኝ» አሉ። አሳይኝ ሲሏት የመጀመሪያቸው ነው። ችግሩ ዓይናቸው ነበር። ደሴ ያለው ሐኪም የዓይናቸው ግፊት ብርሃናቸውን እየወሰደው እንደሆነ፣ የሄደው እንደማይመለስ ነግሯታል። መቅደም አለባት።

አባቷ ከሚያስቀሯቸው ደረሶች አንድ አሮጌ ሉህ፣ ቁርአን የሚጻፍበትን ጣውላ ወሰደች። ቀይ ክብ ትስልበታለች፣ ፎቶ ታነሳለች፣ ሉሁ ይታጠባል፤ ደግሞ ክቡን ፈቀቅ አድርጋ ትስላለች። ፎቶዎቹ ሲከታተሉ ክቡ ይሄዳል። መቼም ሉህ ሉህ ነውና ሸሁ እጣቢውን እግር የሚረግጠው ቦታ አላስደፉም፤ ማለዳ ከደረሶቹ ሉሆች ጋር ራሳቸው አጥበው ጽዱ ቦታ ያፈሱታል።

«ደረሰ ወይ?» ይሏታል።

«ትንሽ ቀረኝ አባዬ፤ የቸኮለ አፍሶ ይለቅማል» ትላለች። ወይ ሩፋይዳ! ቀዩ ደበዘዘ ብላ ያለቀውን አፍርሳ እንደገና ጀመረች እኮ።

የመጨረሻውን ስዕል ፀሐይ ስትወጣ ፎቶ ላነሳው ብላ ግድግዳ ላይ አስደግፋው ገባች። ስትወጣ አባቷ ሉሁን አጥበው ጨርሰዋል።

«አባዬ! ዓይንዎ የት ሄዶ ነው?» ብላ ጮኸች። ከአፍ የወጣ አፋፍ፤ አይመለስ ነገር።

ሸሁ ከእጃቸው ቀይ ውሃ እየተንጠባጠበ ቆሙ። «የደረሶቹ ሉህ መስሎኝ» አሉ ቀስ ብለው።

እንኳን ክቡን፣ የገዛ እጃቸውንም አላዩት። እጃቸውን ያዘች።

«ከመቼ ጀምሮ ነው?»

«ከረመዳን ወዲህ ጨለመብኝ። ቤቱን በእጄ፣ ቁርአኑን በልቤ ስለማውቀው ማንም አልነቃብኝም። ብነግርሽ ሥራውን ትተዪዋለሽ ብዬ ነው።»

«አውፍ ይበሉኝ አባዬ፣ ይቅር ይበሉኝ…»

«አብሽሪ፣ አይዞሽ። በይ ያለውን ክፈቺው።»

እያለቀሰች ከፈተችው።

«ጀመረ?»

«እየሄደ ነው አባዬ።»

ክቡ ወጣ፣ ወረደ፣ በሰማያዊ መስመሮች መሃል አለፈ። ሸሁ ፊታቸውን ወደ ስልኩ ሳይሆን ወደ ግድግዳው አዙረው፣ «ማሻአላህ፣ ማሻአላህ» ይላሉ።

ፊልሙ አልቆ የስልኩ ብርሃን ጠፋ። እሳቸው ግን ፈገግ ብለው ማየታቸውን አልተዉም፤ ሩፋይዳም አለቀ የምትልበት አፍ አጣች።