የእየሩስ የግል ሥራ

«በግል ሥራ ትተዳደር ነበር በልና ጨርሰው፣ ወንድም ጦና» አሉ ሚልክያስ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። የቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ ናቸው፤ የዛሬውን የማጽናኛ ፕሮግራም የሚመሩትም እሳቸው። «ያን የገበያውን ነገር ካነሳህ መዘምራኑ ተነሥተው ይሄዳሉ። እኔም አላቆማቸውም።»

አቶ ጦና የተባሉትን ጻፉ። መዝገብ ቤት ሠላሳ ዓመት የሠሩ፣ ጽሕፈታቸው ያማረ ሰው ናቸው። በሶዶ ሰው በሞተ ቁጥር የሕይወት ታሪኩን የሚጽፉት እሳቸው ናቸው፤ ከገሱባ ድረስ እየመጡ ያጽፏቸዋል። የገዛ ልጃቸው እየሩስ ስትሞት ግን እጃቸው እምቢ አለ። አስከሬኗ ከአዲስ አበባ መጥቶ ያለ ታሪክ ተቀበረች። ይኸው ሦስተኛው ቀን ሆነ፤ ድንኳኑ ሊነሣ ነው። ዛሬ ካልተነበበ መቼም አይነበብም።

ባለቤታቸው ጥሩነሽ ለለቀስተኛው ጎደሬ ሲያቀርቡ ሁሉንም ሰምተዋል። ጎንበስ ብለው በጆሯቸው፣

«ለዚያ ለሚስት ደብዳቢው ‹መልካም ባል› ብለህ ጽፈሃል። ሰካራሙን ‹ተጫዋች› ብለኸዋል። ለኔ ልጅ የግል ሥራ? ምን፣ ሱቅ ነበራት?»

«ጽፌዋለሁ» አሉ አቶ ጦና።

ሱቅ አልነበራትም። ሥራዋን ለሰው ማስረዳት ይቸግራል። መድረክ የላት፣ ድርሰት የላት፤ በሰው መሃል በገዛ ሰውነቷ አንድ ነገር ታደርጋለች፣ ትርኢቱ ያ ነው። አዲስ አበባ አንድ ቢሮ ሦስት ቀን ተሰልፋ፣ መስኮቱ ጋ በደረሰች ቁጥር ተመልሳ ከመጨረሻው ሰው ኋላ ትቆም ነበር። ዘበኞች አባረሯት፤ ጋዜጣ ጻፈላት። አንዱ እብድ ሲላት፣ ሌላው ከውጭ አገር ጠርቶ ሸለማት።

በ1996 ሶዶ መጣች። ቅዳሜ ገበያ፣ ከዳሞታ ተራራ የሚወርዱት ሴቶች የሚሸከሙትን እንጨት አዝላ መንገዱ መሃል ቆመች። ከጠዋት እስከ ዘጠኝ ሰዓት አላወረደችም፣ አልተናገረችም። መጀመሪያ ተሳቀባት። ቀጥሎ ሰይጣን ነው ተባለና መዘምራኑ ሊጸልዩላት መጡ። በመጨረሻ እንጨት ተሸካሚዎቹ ራሳቸው አንድ በአንድ እየመጡ፣ ሸክማቸውን ሳያወርዱ አጠገቧ ቆሙ። አቶ ጦና በዚያ ሲያልፉ አንድ ነጋዴ፣

«ጋሼ፣ ይቺ የእርስዎ ልጅ አይደለችም እንዴ?» አላቸው።

«አይደለችም።»

ሰምታለች። ዓይኗን እንኳ አላዞረችም። ከዚያ ወዲህ አራት ዓመት ሙሉ ሶዶን አልረገጠችም።

ሚልክያስ ማይኩን አቀበሏቸው። አቶ ጦና ቆመው የትውልድ ዘመኗን አነበቡ፤ ትምህርቷን አነበቡ። «በግል ሥራ…» አሉና ወረቀቱን ዝቅ አደረጉት። መዘምራኑ እርስ በርስ ተያዩ።

«ውሸት ነው» አሉ አቶ ጦና። «ልጄ አርቲስት ነበረች። ገበያ መሃል እንጨት ተሸክማ የቆመችው እሷ ናት። ልጅህ ናት ወይ ስባል፣ አይደለችም አልኩ። እኔን ከፍላ ያስተማረችኝ እናቷ ጥሩነሽ ናት፤ እንጨት ተሸክማ እየሸጠች። ያ እንዳይታወቅብኝ ነበር።»

ከመዘምራኑ ሁለቱ ተነሥተው ወጡ። ሚልክያስ ማይኩን ለመቀበል እጃቸውን ዘረጉ።

አቶ ጦና አልሰጧቸውም። መዝገብ ቤት የኖረ ሰው የተነገረውና የተጻፈው ሲለያይ አይወድም። ማይኩን ብብታቸው ሥር ሸጉጠው እስክሪብቶ አወጡ፤ ወረቀቱን መዳፋቸው ላይ ዘርግተው መስመሩን ሰረዙና ከላዩ መጻፍ ጀመሩ። እንደ ልማዳቸው ፊደሉን እያሳመሩ ስለሚጽፉ ብዙ ቆዩ። የእስክሪብቶው መጫጫር በድምፅ ማጉያው ከድንኳኑ ውጭ ድረስ ይሰማ ነበር። ጽፈው እስኪጨርሱ ሌላ ማንም አልተነሣም።