የሚስ ዶሪን መርዶ

በ1961 ዓ.ም. ግንቦት ላይ ሚስ ዶሪን የምትጠብቀው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ኒውዮርክ ካለው ወኪሏ የሚመጣ መልስ። ወልቂጤ ውስጥ ይህን የማውቀው እኔ ብቻ ነበርኩ። ስለዚህ በሆነው ሁሉ የእኔ ጥፋት ከሌሎቹ ይበልጣል።

ሁለታችንም የአንድ ትምህርት ቤት መምህራን ነበርን፤ እኔ ሳይንስ፣ እሷ እንግሊዝኛ። በእማማ ብርቄ ግቢ ጎን ለጎን ሁለት ክፍሎች ተከራይተን እንኖራለን። እኔ የቡታጅራ ልጅ ነኝ። እሷ የመጣችው ከአሜሪካ በሰላም ጓድ ነው። አብረዋት የመጡት የሃያ ሁለትና የሃያ ሦስት ዓመት ወጣቶች ሲሆኑ እሷ አርባ አንድ ሞልቷት ነበር። በዚያ ዕድሜ ምን እንዳመጣት የነገረችኝ ከተዋወቅን ከስድስት ወር በኋላ ነው።

ተዋናይ ነበረች። በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ መድረክ ላይ ወጣች፤ አሥራ አንድ ዓመት ከቡድን ጋር ከከተማ ከተማ እየዞረች ሠራች። ከዚያ ቴሌቪዥን ወሰዳት። በየቀኑ ከሰዓት በኋላ በሚተላለፍ ድራማ ስድስት ዓመት ነርስ ሆና ተጫወተች። መንገድ ላይ የማያውቋት ሰዎች እያስቆሙ ስለ ሕመማቸው ያማክሯት ነበር። አንድ ሰኞ የሳምንቱን ጽሑፍ ሰጧት፤ ስታነበው ነርሷ በመኪና ተገጭታ ትሞታለች። አስቀድሞ የነገራት ሰው አልነበረም። ከዚያ በኋላ ሁለት የሳሙና ማስታወቂያ ሠራች። ከዚያ በኋላ ምንም።

"ሰው የሚያውቀኝ በነርሷ ነው፤ ነርሷ ደግሞ ሞታለች" አለችኝ። "የሞተች ሴት ማን ይቀጥራል?"

እማማ ብርቄ የቸሃ ሴት ናቸው፤ ሥራዋን ላስረዳቸው ሞክሬ ነበር።

"ሳጥን ውስጥ ሆና ታወራለች ነው የምትይኝ?"

"አዎ እማማ።"

"ይከፍሏት ነበር?"

"ይከፍሏት ነበር።"

"እኔ ዕድሜ ልኬን ሜዳ ላይ ስጮህ ማን ከፈለኝ!" ብለው ሳቁ።

ከፋሲካ በፊት ከወኪሏ ደብዳቤ መጣላት። ድሮ መድረክ ላይ ያያት አንድ አዘጋጅ ለአዲስ ቴአትር ባሏ የሞተባትን ሴት እንድትጫወት አስቧታል። ከእሷ ሌላ አንዲት ሴትም ለዚሁ ቦታ ታጭታለች። ውሳኔው በሰኔ አጋማሽ በደብዳቤ ይነገራታል ይላል። "ይህን ካገኘሁ እመለሳለሁ" አለችኝ። "ካላገኘሁ አበቃ። ከእንግዲህ የሚጠራኝ የለም።" ለማንም እንዳልናገር አስማለችኝ፤ በሙያቸው ያልተፈረመ ሥራ አስቀድሞ ከተወራ ይከሽፋል ብለው ያምናሉ። እየሳቅሁ ማልኩላት። ከዚያን ቀን ጀምሮ ማታ ማታ ከቤቱ ጀርባ እንሰቱ መሃል ቆማ ድምጿን ታለማምድ ነበር። የምትለው የማይገባቸው ገበሬዎች አጥሩ ጥግ ቆመው ያዳምጧታል።

ማክሰኞ ግንቦት 12 ቀን ከሰዓት በኋላ የፖስታው ሠራተኛ ጋሽ ሽባባው ወደ ግቢው መጡ። የጎንደር ሰው ናቸው፤ ዘጠኝ ዓመት ወልቂጤ ኖረዋል።

"ወይዘሪት አሰገደች፣ ፈረንጇ አለች?"

"ክፍል ገብታለች። ምነው?"

ኮፍያቸውን አወለቁ። ከደረት ኪሳቸው የታሸገ ፖስታ አወጡና ስሟን አሳዩኝ። "ቴሌግራም ነው። ከአዲስ አበባ በአውቶቡስ መጣ።"

እማማ ብርቄ ከጓዳ ወጡ። "እናቷ!" አሉ፤ ደረታቸውን መቱ። የሚስ ዶሪን እናት ከየካቲት ጀምሮ ሆስፒታል እንደተኙ ከተማው ሁሉ ያውቃል።

"ከፍተን ብናየውስ?" አልኩ።

"ታሽጎ የመጣ ከፍቼ ልታሰርልሽ?" አሉ ጋሽ ሽባባው። "ደግሞ ምን ይከፈታል? እኔ እዚህ ከመጣሁ ለግለሰብ የመጣ ቴሌግራም አሥራ አራት ነው። አሥራ ሁለቱ መርዶ ነው።"

"ሁለቱስ?"

"አንዱ ወንድ ልጅ ተወለደ የሚል፤ አንዱ አድራሻው የተሳሳተ።" ፖስታውን ወደ ኪሳቸው መለሱት። "ደንቡ ወዲያው ስጥ ይላል። ደንብ ብዬ የጉንችሬውን ነጋዴ ሰይዶን ገበያ መሃል ብቻውን ሰጠሁት። እዚያው ወደቀ። እስከ ዛሬ አንድ ጎኑ አይታዘዝለትም። ሁለተኛ አላደርገውም።"

እማማ ብርቄ ሌላ ሐሳብ ይዘው ነበር። ሰው መርዶ የሚረዳው በዘመዶቹ መሃል ነው፤ ይህቺ ልጅ ደግሞ እዚህ ዘመድ የላትም። "የአገሯ ሰው ሳይኖር ማን ይደግፋታል? እኛ ብናለቅስላት የእኛ ለቅሶ ምን ይገባታል?" አሉ። ቡታጅራ ፊል የሚባል አሜሪካዊ መምህር አለ። እሱ ይምጣና ያርዳት ተባለ።

"ስልክስ?" አልኩ።

"መርዶ በሽቦ ይነገራል እንዴ?" አሉ ጋሽ ሽባባው፤ በሽቦ የመጣ አሥራ ሁለት መርዶ ያደረሱት ሰው።

የእማማ ብርቄ ወንድም ዱባለ እንዲሄድ ተወሰነ። ከወልቂጤ ቡታጅራ ቀጥታ የመኪና መንገድ አልነበረም። በአውቶቡስ አዲስ አበባ ወጥቶ መውረድ ሁለት ቀን ነው፤ በአረቅጥ በኩል በበቅሎ ማቋረጥም ሁለት ቀን። "በበቅሎ ነው የምሄደው" አለ ዱባለ። "አውቶቡስ ያስመልሰኛል።"

ስለ ቴአትሩ አላሰብኩም አልልም። አስቤያለሁ። ግን መልሱ በሰኔ፣ ያውም በደብዳቤ ነው ተብሏል፤ እናቷ ደግሞ ታመዋል፤ ምያለሁም። ሦስቱን ደርድሬ ዝም አልኩ። ከተማሪዎቼ አንዱ አሥራ አራት ነገር ቆጥሮ ስለ አሥራ አምስተኛው ቢደመድም ዜሮ ነበር የምሰጠው።

ከረቡዕ እስከ ዓርብ ሁላችንም አስመሰልን። እማማ ብርቄ፣ መርዶ ከተረዳች በኋላ እህል አትቀምስም ብለው በቀን ሦስት ጊዜ ቆጮና አይብ ያቀርቡላት ጀመር። የሰሙት መምህራን ስትገባ ወሬ ያቆማሉ፤ ከዚያ ሁሉም ባንድ ጊዜ ስለ ዝናብ ያወራሉ። ጋሽ ሽባባው ሲያዩዋት መንገድ ይሻገራሉ።

ሐሙስ ማታ ክፍሌ መጥታ አልጋዬ ላይ ተቀመጠች።

"አሰገደች፣ ሁሉም ሰው እየተወነ ነው" አለች። "ያውም በጣም መጥፎ ነው የሚተውኑት። ብርቄ ፈገግ ስትል አፏ ብቻ ነው። ምንድን ነው የሚደበቀኝ?"

"ምንም የለም" አልኳት። ዓይኖቿን አየሁ። ድምፄ አልተንቀጠቀጠም። "የእማማ ብርቄ አጎት ታመዋል። እንግዳ እንዳይረበሽ ብለው ነው።"

ረጅም ጊዜ አየችኝ። "አንቺ ካልሽ እሺ" ብላ ወደ ክፍሏ ሄደች።

ዓርብ ከምሽቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ፊል በተዋሰው ጂፕ በአዲስ አበባ ዞሮ ደረሰ። ዱባለ በቅሎውን ቡታጅራ ትቶ አብሮት መጣ፤ ጂፑም አስመልሶታል።

"ምን ብለህ ነገርከው?" አልኩት።

"እናቷ ሞተዋል፣ ና፣ አልኩት።"

"ቴሌግራም መጣ አላልክም?"

"ያው አይደል እንዴ?"

ፊል የሰማው ሞት ነውና ወረቀት አሳዩኝ አላለም። የጠየቀኝ የእናትየውን ዕድሜ ብቻ ነው። መርዶ በማታ ስለማይረዳ ጋሽ ሽባባው ቤት አደረ።

ቅዳሜ ጎህ ሲቀድ ግቢው ሞላ። ሴቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀዋል። ፊል በሩን አንኳኳ። ሚስ ዶሪን በሌሊት ልብሷ ወጣች፤ ፊልን አየች፤ ከኋላው ያለውን ሰው አየች። ፊል እጇን ይዞ ስለ እናቷ ሲነግራት እማማ ብርቄ ጮኹ፤ ሌሎቹ ተቀበሏቸው። ጋሽ ሽባባው ፖስታውን አቀበሏት።

ቀደደችው። አንድ ጊዜ አነበበች። ደግማ አነበበች። ከዚያ ለፊል ሰጠችው፤ በትከሻው አሻግሬ አነበብኩት፦

"ሥራው ያንቺ ነው። ልምምድ ቀድሞ ስለሚጀመር እስከ ዓርብ ቢሮ መዝጊያ አሳውቂ። ካልሆነ ለሌላዋ ይሰጣል።"

"መቼ ነው የመጣው?" አለች። የጠየቀችው እኔን ነው።

"ማክሰኞ።"

ሴቶቹ ደገፏትና መሬት ላይ አስቀመጧት። አለቀሰች፤ መድረክ ላይ እንዴት እንደምታለቅስ አላየሁም፤ ይህ ግን ድምፅ አልነበረውም፤ አፏ ተከፍቶ ቀረ። እማማ ብርቄ ራሷን ደረታቸው ላይ አድርገው፣ "አልቅሺ ልጄ፣ አልቅሺ፣ ይወጣልሻል" ይላሉ። ፊል፣ ማንም አልሞተም ሊል አፉን ሲከፍት እጁን ያዘችው።

"ተዋቸው" አለች። "አሁን እየተወኑ አይደለም።"

በማግስቱ ከተማው ተራ በተራ ሊያስተዛዝናት መጣ። ቀና ብላ ተቀበለችው።

ጋሽ ሽባባው ቅዳሜ ረፋዱ ላይ የእንግሊዝኛ መልሷን፣ ምን እንደሚል ሳያውቁ፣ ፊደል በፊደል ወደ አዲስ አበባ በስልክ አስተላልፈው ነበር። የወኪሏ ምላሽ ሰኞ ደረሰ። ሥራው ለሌላዋ ተሰጥቷል፤ አዝናለሁ፤ ከእንግዲህም ወኪልሽ ሆኜ መቀጠል አልችልም ይላል። ያን ጊዜ ነው ቴሌግራሙ መርዶ ሳይሆን እስከ ዓርብ መልስ የሚሻ የሥራ ጥሪ እንደነበረ ለጋሽ ሽባባው የነገርኳቸው። ወንበራቸው ላይ ተቀመጡ።

"ፊል ዓርብ ማታ ሲደርስ ጊዜው አልፎ ነበር?" አሉ።

አስቤው ነበር። ኒውዮርክ ቢሮ የሚዘጋው በእኛ ሌሊት ስድስት ሰዓት ላይ ነው። "ስድስት ሰዓት ቀርቶን ነበር" አልኳቸው።

"የፖስታ ቤቱ ስልክ እኮ ከአልጋዬ ሁለት ክንድ አይርቅም" አሉ። ለእማማ ብርቄ የነገራቸው የለም።

ይቅርታ ልጠይቃት ሁለት ጊዜ ሄጄ በሯ ላይ ተመለስኩ። በሦስተኛው ገባሁ። የተማሪዎች ፈተና እያረመች ነበር። ይቅርታ ጠየቅኋት። ቀይ እስክሪብቶዋን አስቀመጠች።

"ሐሙስ ማታ ጠይቄሽ ነበር" አለች። "የሌሎቹን ሁሉ አውቄባቸው ነበር። ያንቺን አላወቅሁም። ሃያ ዓመት ከተዋናዮች ጋር ኖሬ እንደ አንቺ ያለ አላየሁም።"

ልትሰድበኝ ይሁን ልታመሰግነኝ ለማወቅ ፊቷን አጥብቄ አየሁ። ምንም አይነበብበትም። እስክሪብቶዋን አነሳች።

ከዚያ ወዲያ እንሰቱ መሃል ቆማ ድምጿን አሰምታ አታውቅም። ገበሬዎቹ ጥቂት ቀን አጥሩ ጥግ እየቆሙ ጠበቁ፤ ከዚያ ተዉት። ሐምሌ ላይ አገሯ እስክትገባ ድረስ ጎን ለጎን ኖርን፤ ጠዋት ጠዋት አብረን ወደ ትምህርት ቤት እንሄዳለን። ሰኔ ውስጥ አንድ ቀን በሩ ላይ ቆማ፣ "ዛሬ ይዘንባል?" አለችኝ።

ሰማዩን ከአራቱም አቅጣጫ አየሁ። ጥርት ብሏል።

"አይዘንብም" አልኳት።

ተመልሳ ገባችና ጃንጥላዋን ይዛ ወጣች።