ጠብቆ ወይስ ላልቶ

እስከዚያ ሰኞ ድረስ ሕፃኗን ቤተሰቡ በሙሉ «መና» ይላት ነበር፤ በመዝገብ ግን አልሰፈረችም። ስሙን ያወጣችው እናቷ ናት። ከብዙ ጥበቃ በኋላ ያገኘቻት ልጅ ስለሆነች ከሰማይ የወረደ ምግብ ማለቷ ነው። ለምዝገባ ሊወጡ ሲዘጋጁ አያቲቱ የሕፃናት ስሞችን ትርጉም የያዘ መጽሐፍ ገለጡ። «መና፦ ከንቱ፣ ባዶ» ይላል።

«የልጅ ልጄን ከንቱ ብለሽ ልትጠሪያት ነው?» አሏት ምራታቸውን። «ልፋቱ መና ቀረ ሲባል አልሰማሽም?»

«እማማ፣ ይኼኛው ከሰማይ የወረደው ነው እኮ።»

«መጽሐፉ የጻፈው መና የቀረውን ነው።»

ምዝገባው ቀረ። ምራቲቱ ሕፃኗን ታቅፋ ወደ ባሏ እህት ሄደች። የባሏ እህት የአሳታሚ ድርጅት አራሚ ናት፤ ያንኑ መጽሐፍ ለሁለተኛ እትም ትመረምር ነበር።

«እንዳታባብዪኝ» አለቻት ምራቲቱ። «ከንቱ ከሆነ ዛሬውኑ እለውጠዋለሁ።»

አራሚዋ ሁለት መዝገበ ቃላት አመሳከረች። ሁለቱም ውስጥ ቃሉ ሁለት ቦታ ይገኛል፣ ፊደሉ ግን አንድ ነው። ልዩነቱ አፍ ላይ ነው፤ ምግቡ ሲሆን «ና» ይጠብቃል፣ ከንቱው ሲሆን ይላላል። የመጽሐፉ አዘጋጅ አላልቶ አንብቦታል። ምንጩንም ፈለገች። ከዕብራይስጥ የመጣ ነው፤ «ይህ ምንድን ነው?» ከሚል ጥያቄ እንደወጣ ይነገራል። ለስም ባያምርም ይህን መደበቅ አልፈለገችም።

ከሥራ ስትወጣ ምራቲቱን ይዛ ወደ እናቷ፣ ወደ አያቲቱ፣ ሄደች።

«እማዬ፣ መጽሐፉ ተሳስቷል። ጠበቅ አድርገሽ በይው።»

«ጠበቅ የሚለው ፊደሉ የታለ?»

«የለውም። የምናጠብቀው እኛ ነን።»

«እሺ፣ ከየት የመጣ ነው?»

«ከሰማይ ሲወርድ ያዩት ሰዎች ግራ ገብቷቸው 'ምንድን ነው?' አሉ፤ ከዚያ የመጣ ነው ይባላል።»

ምራቲቱ አንገቷን ደፋች። አያቲቱ ሕፃኗን ተቀብለው ፊቷን አገላብጠው አዩ።

«ይሁን» አሉ። «አባቷም ሲወለድ 'ምንድን ነው?' ነው ያልኩት።»

በማግስቱ ሕፃኗ በሁለቱ ፊደላት ተመዘገበች። በአዲሱ እትም ትርጉሙ ታርሟል፤ «ና» ላይም የማጥበቂያ ምልክት ተደርጓል። አያቲቱ የልጅ ልጃቸውን ሲጠሩ ከሁሉም አብልጠው ያጠብቃሉ። አራሚዋ በስልኳ ቀድታ ለክታዋለች፤ የእሳቸው «ና» ከምራታቸው በእጥፍ ይረዝማል።